አንዲት ፔንጉሌት ለአራት ሥራ፦ ስንዴህ ውሃ የጠማው ለዚህ ነው

ከሐረር፣ ከሸዋ በር አካባቢ አንድ ወጣት እንዲህ ሲል ጽፎልኛል፦ «ፓልወርልድ የሚባለው ጌም ላይ የስንዴ እርሻ ከሠራሁ ሦስት ቀኔ ነው። ዘሩ ይዘራል፣ ከዚያ ውሃ እየጠበቀ እዚያው ይቀራል። ፔንጉሌት የምትባል ፓል አለችኝ፣ ውሃ ማጠጣት ትችላለች፣ ግን ማሳው አጠገብ አትደርስም። ሁለተኛ ማሳ ብጨምር ባሰበት። ቤዜ ላይ ድንጋይ መፍጫ፣ ወፍጮና ማቀዝቀዣ ሳጥን አሉኝ። የቲማቲምና የሰላጣ ዘርም ከየት እንደሚገኝ አላውቅም። ሐሳቤ ኬክ ሠርቼ ፓል ማራባት ነው። ምን ላድርግ?»

አቦ፣ በእኛ በድሬዎች ልማድ «አንተ» እያልኩ ልመልስልህ። ሳቢያን ውስጥ ኮምፒውተር እጠግናለሁ፤ ከሱቄ ጀርባ ባለችው ክፍል ደግሞ የሰፈሩ ልጆች ጌም ይጫወታሉ። ይሄ ጌም በ2016 ዓ.ም. ልክ በከተራ ዕለት ነው የወጣው፤ ከዚያ ወዲህ ማሳ ፊት ቆሞ «ለምን አይበቅልም?» ያላለኝ ልጅ ጥቂት ነው። ሁሉም መጀመሪያ የሚጠረጥሩት ማሳውን ነው። ማሳው ግን ምንም አልሆነም። ችግሩ ያለው ደብዳቤህ ውስጥ በዘረዘርካቸው ሦስት ዕቃዎች፣ በመፍጫው፣ በወፍጮውና በማቀዝቀዣው ላይ ነው።

ፓልወርልድ ላይ ዘር የምትዘራውም ውሃ የምታጠጣውም አንተ አይደለህም። ሥራው የፓሎቹ ነው፣ ማለትም ይዘህ ቤዝህ ላይ የምታሠራቸው የጌሙ ፍጥረታት፤ እሱም አንድ ሥራ አይደለም። አንዱ ይዘራል፣ አንዱ ያጠጣል፤ ውሃ ከጠጣ በኋላ ሰብሉ ማንም ሳይነካው ራሱ ያድጋል፤ ሲደርስ ደግሞ የሚለቅም ይፈልጋል። የተለቀመውን ወደ ሳጥን የሚያጓጉዝም አለ። የትኛው ፓል የትኛውን ሥራ እንደሚችል ገጹ ላይ ከነደረጃው በምልክት ተቀምጧል። ከሰንሰለቱ አንዷ ቀለበት ስትጎድል ማሳው እዚያችው ላይ ይቆማል። ያንተ የቆመው ውሃ ላይ ነው፤ ስለዚህ የዘሪ ችግር የለብህም ማለት ነው።

አሁን የፔንጉሌትህን ገጽ ክፈትና እይ። ውሃ ማጠጣት ትችላለች፣ በእጅ መሥራት ትችላለች፣ ማጓጓዝ ትችላለች፣ ማቀዝቀዝ ትችላለች፤ አራቱም ደረጃ 1 ናቸው። ወደ ቤዝህ ተመለስ። ወፍጮውን የሚያሽከረክረው ውሃ የሚችል ፓል ነው። ድንጋይ መፍጫውንም እንደዚሁ። ማቀዝቀዣ ሳጥኑ ቅዝቃዜ የሚሰጠው ፓል ይጠራል። መሬት ላይ የወደቀ እንጨትና ድንጋይ ካለ እሱንም ታነሳለች። ስለዚህ ያቺ አንዲት ፔንጉሌት ከጠዋት እስከ ማታ ስትሮጥ ትውላለች፣ ማሳው ጋ ለመድረስ ግን ጊዜ የላትም። ሁለተኛ ማሳ ስትጨምር ያመጣህላት ሌላ ጠሪ ነው፤ የባሰበት ለዚህ ነው።

አክስቴ ሐረማያ አቅራቢያ ድንችና ሽንኩርት ታለማ ነበር። ፓምፑ አንድ፣ ተጋሪው ሦስት ሰው። ተራ ያልወጣላቸው ዓመት የሦስቱም ሽንኩርት ጠወለገ፤ ተራ የወጣ ጊዜ በዚያው ፓምፕ ለሦስቱም በቃ። እዚህም የምልህ ይህንኑ ነው፦ ውሃ የሚችሉትን ቁጠርና ሥራውን ከፋፍልላቸው።

መጀመሪያ ውሃ የሚችሉ ሁለት ፓሎች ጨምር። ፉአክ ጀማሪ ብትሆንም የምትይዘው ዓይነት ነው፤ ግን እሱም በእጅ ይሠራል፣ ያጓጉዛልም፣ ስለዚህ ማሳውን ትቶ ወደ ሌላ ሥራ ሊሄድብህ ይችላል። እኔ የምመርጥልህ ኬልፕሲን ነው። ከማጠጣት በቀር የሚችለው ሥራ ስለሌለ የትም አይሄድብህም። ትንሽ ስትጠነክር ደግሞ ሰርፈንትን ያዝ፤ እሱም ሥራው ማጠጣት ብቻ ነው፣ ደረጃው ግን 2 ነው። ብዙ ሰው ብዙ ሙያ ያለውን ፓል ይወዳል። ለእርሻ ግን አንድ ሙያ ያለው ይሻላል ብዬ አጥብቄ አምናለሁ። ጆርመንታይድ ማጠጣት ደረጃ 4 ነው፣ ግን ሩቅ ነው፣ ግዙፍም ስለሆነ ጠባብ ቤዝ ውስጥ ይጨናነቃል። አሁን አያስፈልግህም።

ከዚያ ፉአኩን ወይም ፔንጉሌቷን አንስተህ ወፍጮው ላይ ወርውር። እንዲህ ስታደርግ ፓሉ በዚያ ሥራ ላይ ይመደባል፣ ኬልፕሲዎቹም ለማሳው ነፃ ይሆናሉ። ድንጋይ መፍጫውን ለጊዜው አታዝዝበት፤ ሥራ ከሌለው ማንንም አይጠራም። የመከታተያ ማማውን ከሠራህ ደግሞ ከዚያ ሆነህ እያንዳንዱ ፓል የማይሠራውን ሥራ መዝጋት ትችላለህ። የፔንጉሌትህን ማጓጓዝ እዚያ ዝጋው።

ይህን ሁሉ አድርገህ አሁንም ካልሄደ፣ በቀን እይ። ማታ አብዛኞቹ ፓሎች ይተኛሉ፣ ስለዚህ በሌሊት የቆመ ማሳ የተበላሸ ማሳ አይደለም። የምግብ ሳጥኑ ባዶ ከሆነ የራበው ፓል ሥራ ይፈታል። ለእያንዳንዱ አልጋ፣ ለጋራ ደግሞ ፍል ውሃ አኑርላቸው። ማሳው ተዳፋት ላይ ወይም ከግድግዳ ጋር ተጣብቆ ከተሠራ ፓሉ መንገድ ያጣና አጠገቡ ይገተራል። ሜዳ ላይ፣ ዙሪያውን መተላለፊያ ትተህ ሥራው።

ወደ ዘሩ ልምጣ። አንድ የስንዴ ማሳ 3 የስንዴ ዘር፣ 35 እንጨትና 35 ድንጋይ ይፈልጋል፤ የሚከፈተው ሌቨል 15 ላይ ነው። ዘሩን የምትከፍለው ማሳውን ስትሠራ አንድ ጊዜ ብቻ ነው፣ ከዚያ በኋላ ፓሎቹ ያለ ዘር ደጋግመው ይዘራሉ። ስለዚህ ዘር ማጠራቀም ድካም ነው። ለስንዴ ዘር ዲኖሶምን አሳድ። ሲሸነፍም ሲያዝም ዘር ይጥላል፤ ከያዝከው ደግሞ መዝራት ደረጃ 2 ያለው ገበሬ አገኘህ። በአንድ ድንጋይ ሁለት ወፍ ማለት ይሄ ነው። ፍሎፒም የስንዴ ዘር ትጥላለች፤ መዝራትም መልቀምም ትችላለች።

የቲማቲም ዘር ከብሮንቸሪና ከዉምፖ ቦታን ይገኛል። ዉምፖ ቦታን የሰላጣ ዘርም ይጥላል፤ ሲናሞዝ ደግሞ ከሰላጣ ጋር ስንዴም አለው። ነገር ግን ወንድሜ፣ ያንተ ሐሳብ ኬክ ከሆነ ቲማቲምም ሰላጣም አትፈልግም። የቲማቲም ማሳ በሌቨል 21፣ የሰላጣው በሌቨል 25 ነው የሚከፈተው፤ ሁለቱም የፓል ፈሳሽ የሚባል ዕቃ ይጠይቃሉ። አሁን ብትሠራቸው ለዚያችው ውሃ አጠጪ ሁለት ተጨማሪ ጠሪ ነው የምታመጣባት። ተዋቸው።

ፓል የሚራባው በኬክ ነውና የኬኩ ሒሳብ ይኸው፦ 5 ዱቄት፣ 8 ቀይ እንጆሪ፣ 7 ወተት፣ 8 እንቁላልና 2 ማር። አንድ ዱቄት ከ3 ስንዴ ይወጣል፣ ስለዚህ ለአንድ ኬክ 15 ስንዴ ትፈጫለህ። ሁለት የስንዴና አንድ የእንጆሪ ማሳ ለጀማሪ ይበቃል። እንጆሪ ከሌለህ ዘሩ ከሊፍመንክና ከጉሞስ ይገኛል። የቀረው ከከብት ማርቢያው ነው፦ ሞዛሪና ወተት፣ ቺኪፒ እንቁላል፣ ቢጋርድ ማር ይሰጣሉ። ልጆቹ ብዙ ጊዜ የሚያጥራቸው ማር ነው፣ ስለዚህ ቢጋርድን ከሁሉ በፊት ያዝ። የተጋገረውን ኬክ ቶሎ ወደ መራቢያው ሳጥን አስገባው፤ እዚያ ውስጥ አይበላሽም።

አንድ ነገር እንደ ጠጋኝ ልንገርህ፣ ምክንያቱም ይሄ ሲደርስ ልጆች ሲያለቅሱ አይቻለሁ። መብራት ድንገት ሲጠፋ ጌሙ እየጻፈው የነበረው ፋይል ሊበላሽ ይችላል፣ የሳምንት እርሻም አብሮ ይሄዳል። በስቲም የምትጫወት ከሆነ ኮምፒውተርህ ላይ አፕዳታ፣ ከዚያ ሎካል፣ ከዚያ ፓል፣ ከዚያ ሴቭድ የሚለውን ተከትለህ ግባ። ሴቭጌምስ የሚል ፎልደር ታገኛለህ። አፕዳታ የተደበቀ ፎልደር ስለሆነ የተደበቁትን አሳይ የሚለውን አስቀድመህ ክፈት። ጌሙን ዘግተህ ያንን ፎልደር ሙሉውን ፍላሽ ላይ ቅዳው፤ እኔ ለልጆቹ በየሦስት ቀኑ አደርግላቸዋለሁ። ዛሬ ማታ ኬልፕሲ ፍለጋ ከመውጣትህ በፊት አድርገው። ነገ ማሳው ውሃ ከጠጣ ንገረኝ፤ ካልጠጣ ደግሞ ቤዝህን ከላይ ፎቶ አንስተህ ላክልኝ፣ የፓሎቹን ዝርዝርም ጨምርበት።