የስፖርት ዘመናቸው ሊያጥር ለሚችል ወጣቶች

ውድ ልጆቼ፣

እኔ በሚኒሶታ ለረጅም ዘመን በሕፃናት ሕክምና ያገለገልሁ ሐኪም ነኝ። በትምህርት ቤት ቡድን እየተጫወቱ የኮሌጅ ስኮላርሺፕ፣ ከዚያም ሲሳካ የሙያተኛ ተጫዋችነት ውል ለማግኘት የሚደክሙ ብዙ የኢትዮጵያውያን ልጆች በጉልበትና በትከሻ ሕመም ወደ እኔ ይመጡ ነበር። ሕመሙን ከነገሩኝ በኋላ የሚያስጨንቃቸውን ሌላ ነገርም ይነግሩኝ ነበር፤ መጫወት ባልችል ምን እሆናለሁ የሚል ነው። ለእንደዚህ ያለው ጥያቄ የቤዝቦል ተጫዋችና ሐኪም የነበረውን የአርቺባልድ ግርሃምን ሕይወት ያህል የሚጠቅም ምሳሌ አላገኘሁም።

«ሙንላይት» በሚል ቅጽል ስም የሚታወቀው ይህ የሰሜን ካሮላይና ተወላጅ ሰኔ 29 ቀን 1905 (እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር) በብሩክሊን በተደረገ ግጥሚያ ለኒው ዮርክ ጃያንትስ የቤዝቦል ቡድን ተሰልፎ ነበር። ቡድኑ በሰፊ ልዩነት ይመራ ስለነበር፣ አሠልጣኙ ጆን ማክግሮው በስምንተኛው ኢኒንግ (ግጥሚያው ከሚከፈልባቸው ዘጠኝ ዙሮች በስምንተኛው) በቀኝ ሜዳ ተከላካይነት ቀይሮ አስገባው። በዘጠነኛው ኢኒንግ ዱላውን ይዞ ተራውን ሲጠብቅ፣ ከእርሱ በፊት የነበረው ክሎድ ኤሊየት የመታት ኳስ ከአየር ላይ ተቀለበችና የቡድኑ የመምታት ተራ በዚያው አበቃ። ግርሃም በሜጀር ሊግ፣ ማለትም በአሜሪካ ከፍተኛው የቤዝቦል ሊግ፣ ዳግመኛ አልተሰለፈም፤ አንድም ኳስ ለመምታት ሳይቆም ቀረ። ጃያንትስ ግን በዚያው ዓመት መከር የዓለም ሻምፒዮና ዋንጫን አነሣ።

ይህን ታሪክ የሚተርኩ ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ እንደ አሳዛኝ ዕጣ ያቀርቡታል። እኔ በዚህ አልስማማም፤ ምክንያቱም ግርሃም በዚያው በ1905 ከሜሪላንድ ዩኒቨርሲቲ በሕክምና ተመርቆ ነበር። ሕክምናው ከሜዳ ከተባረረ በኋላ የተጠጋበት መሸሸጊያ ሳይሆን፣ በሚጫወትባቸው ዓመታት ጎን ለጎን የተማረው ሙያ ነበር። ለጨዋታው የነበረው ፍቅርም ቢሆን በአንድ ቀን አልተቆረጠም፤ እስከ 1908 ድረስ በፔንሲልቬንያዋ የስክራንተን ከተማ በማይነር ሊግ (ከሜጀር ሊግ በታች ባለው የሙያተኞች ሊግ) ተጫውቷል፣ በ1906ም የሊጉ ከፍተኛ የመምታት ውጤት የእርሱ ነበር።

ከዚያ በኋላ በሰሜን ሚኒሶታ ወዳለችው ወደ ቺዝሆልም ሄደ። ቺዝሆልም ከፊንላንድ፣ ከስሎቬንያ፣ ከጣሊያንና ከሌሎችም አገሮች የመጡ ስደተኞች የብረት ማዕድን የሚቆፍሩባት ከተማ ነበረች። በዚያም ከ40 ዓመት በላይ የትምህርት ቤቶቹ ሐኪም ሆኖ የማዕድን ሠራተኞችን ልጆች አከመ፤ ዓይናቸውን እየመረመረ አቅም ለሌላቸው መነጽር በነጻ ይሰጥ ነበር። እኔን እንደ ሙያ ባልደረባው ይበልጥ የሚያስደንቀኝ ግን የደም ግፊት ጥናቱ ነው። የሕፃን ደም ግፊት ለመለካት ልጁ መረጋጋት አለበት፣ በክንዱ ላይ የሚጠመጠመው መለኪያ ለክንዱ ውፍረት የሚመጥን መሆን አለበት፣ ልኬቱም ደጋግሞ መወሰድ አለበት። ግርሃም ይህን አድካሚ ሥራ በተማሪዎቹ ላይ ለዓመታት ሲያከናውን ቆይቶ፣ ከ5 እስከ 16 ዓመት ስለሆኑ ልጆች የደም ግፊት የሚገልጸውን ውጤት በ1945 ከሥራ አጋሮቹ ጋር በሕፃናት ሕክምና መጽሔት ላይ አሳተመ። የልጆች ደም ግፊት እንደ ዛሬው በየምርመራው በማይለካበት ዘመን የተሠራ በመሆኑ ትልቅ አክብሮት አለኝ።

እንግዲህ ወላጆቻችሁ «ወይ ኳሱን ወይ ትምህርቱን ምረጥ» ሲሏችሁ በፍቅርና በሥጋት እንደሚናገሩ ዕወቁ፤ ነገር ግን የግርሃም ሕይወት ሁለቱን አንድ ላይ መያዝ እንደሚቻል ያሳያል። ሁለተኛውን ሙያ «ስፖርቱ ሲያበቃ እጀምረዋለሁ» ብላችሁ አታቆዩት፤ ስፖርቱ የሚያበቃበትን ቀን የምትወስኑት እናንተ አይደላችሁምና። ከመካከላችሁ ከሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት በቀጥታ ለቤዝቦል ክለብ የምትፈርሙ ካላችሁ፣ ክለቡ ወደፊት የኮሌጅ ትምህርታችሁን ወጪ እንዲሸፍን የሚያስገድድ አንቀጽ በውሉ ውስጥ እንዲገባ ጠይቁ። ይህ መብት ጨዋታ ካቆማችሁ በኋላ በ2 ዓመት ውስጥ ትምህርት ካልጀመራችሁ ሊያልፍባችሁ ስለሚችል፣ ቀኑን ከመፈረማችሁ በፊት ከወላጆቻችሁና ከሕግ አማካሪ ጋር ተቀምጣችሁ በጽሑፍ አረጋግጡ።