የፈዚንግ ላይብረሪዎች ለመመረቂያ ፕሮጀክት ይሆናሉ ወይ? ለኮምቦልቻዋ ተማሪ የተሰጠ ምላሽ

የጥያቄሽ ፍሬ ነገር ይህ ነው፤ ኮምቦልቻ ላይ የሶፍትዌር ምህንድስና የመጨረሻ ዓመት ተማሪ ነሽ፤ ኤኤፍኤል ፕላስ ፕላስ የተባለውን የፈዚንግ መሣሪያ (የተበላሸ ግብዓት በብዛት እየመገበ ፕሮግራም የሚወድቅበትን ስህተት የሚፈልግ ፈዘር) ከጫንሽ በኋላ፣ አብረውት ያገኘሻቸው ስማቸው በ«ኤስኦ» የሚያልቅ የጋራ ላይብረሪ ፋይሎች (ብዙ ፕሮግራሞች የሚጋሯቸው የፈንክሽን ስብስቦች) ቀልብሽን ስበውታል፤ ይሁንና ጓደኞችሽ በሙሉ ድረ ገጽ ለመሥራት ስለመረጡ፣ ቤተሰብም «ይህ ነገር እንጀራ ያወጣል ወይ?» ብሎ ስለሚጠይቅ ለመወሰን ተቸግረሻል።

አብሽሪ እህቴ፣ ያወጣል። እንጀራ የሚያወጣው ግን መሣሪያውን ማስኬድ መቻል አይደለም፤ ትእዛዙን ተርሚናል ላይ መጻፍ ማንም በአንድ ከሰዓት የሚለምደው ነው። ቀጣሪ የሚፈልገው እነዚያ ትናንሽ ፋይሎች ምን እንደሚሠሩ ኮዳቸውን አንብቦ የተረዳና የራሱን መጻፍ የሚችል ሰው ስለሆነ፣ ፕሮጀክትሽን እዚያው ላይ እንድታደርጊው እመክርሻለሁ።

ሊኑክስ አንድን ፕሮግራም ሲያስነሳ፣ ፕሮግራሙ የሚጠራቸውን ፈንክሽኖች ከጋራ ላይብረሪዎች ፈልጎ ያገናኛል። «ኤልዲ ፕሪሎድ» በተባለው ቅንብር የራስሽን ላይብረሪ ካስቀደምሽ ግን፣ ፕሮግራሙ ሜሞሪ የሚመድበውን ማሎክ የተባለ ፈንክሽን ሲጠራ መልስ የሚያገኘው ካንቺ ማሎክ ይሆናል፤ ከምንጭ ኮዱ አንዲት መስመር ሳትነኪ ማለት ነው። ካገኘሻቸው ፋይሎች አንዱ የሆነው ሊብዲስሎኬተር በዚህ መንገድ ይሠራል፤ ለፕሮግራሙ የሚሰጠውን የሜሞሪ ቦታ መጨረሻ፣ ማንበብም ሆነ መጻፍ ከተከለከለ ገጽ ጋር ያዋስነዋል። ቤትን ገደል አፋፍ ላይ እንደመሥራት ነው፤ በተለመደው አሠራር ሳይታወቅ ያልፍ የነበረ የጥቂት ባይት ስህተት እዚህ ላይ ፕሮግራሙን ወዲያው ይጥለዋል። ሊብቶክንካፕ ደግሞ ፕሮግራሙ ግብዓቱን ከየትኞቹ ቃላት ጋር እንደሚያነጻጽር መዝግቦ ለፈዘሩ መዝገበ ቃላት ያዘጋጃል። በኔትወርክ ብቻ ግብዓት የሚቀበልን ሰርቨር ከመደበኛ ግብዓት እንዲያነብ የሚያደርጉ ላይብረሪዎችም አሉ። እዚህ ላይ ልብ በይ፤ ስልቱ የሚሠራው ላይብረሪውን በሩጫ ጊዜ ለሚያገናኝ ፕሮግራም ብቻ ነው፤ ሊብዲስሎኬተርን የሜሞሪ ስህተት ከሚይዘው መሣሪያ ከአድሬስ ሳኒታይዘር ጋርም አታጣምሪው፤ ሁለቱም ማሎክን የሚተኩ በመሆናቸው ይጋጫሉ።

ከሁሉ የሚበልጠውን ዕድል የማየው ግን በብጁ ሚውቴተር ላይ ነው። ኤኤፍኤል ፕላስ ፕላስ ግብዓት የሚያበላሽበትን መንገድ አንቺ በጻፍሽው የጋራ ላይብረሪ በኩል እንድትወስኚ ይፈቅዳል። የግዕዝ ፊደላችን እያንዳንዱ ሆሄ ዩቲኤፍ 8 በተባለው ጽሑፍን ወደ ባይት የመቀየሪያ ሥርዓት ሦስት ባይት ይይዛል። የመጀመሪያውን ባይት አይቶ፣ ጽሑፉ ማለቁን ሳያረጋግጥ ቀጣዮቹን ሁለት የሚያነብ ኮድ ከተመደበለት ቦታ አልፎ ያነባል፤ እንግሊዝኛ ብቻ የሞከረ ፈታሽ ይህን ስህተት ላያገኘው ይችላል። ስለዚህ የአማርኛ ጽሑፍ ወስዶ ሆሄውን መሐል ላይ የሚቆርጥ፣ ባይቶቹን የሚያዘዋውርና የሚደጋግም ሚውቴተር በሲ ጻፊ፤ ከሊብዲስሎኬተር ጋርም አብረሽ አስኪጂው። በሃርነስሽ፣ ማለትም ግብዓቱን ከፈዘሩ ተቀብሎ ለዒላማው በሚያቀብለው ትንሽ ፕሮግራም ውስጥ ግን፣ ለእያንዳንዱ ግብዓት ልኩን ያህል ብቻ ማሎክ አድርጊ፤ ሰፊ ቋሚ ቋት ከተጠቀምሽ ስህተቱ እዚያው ተደብቆ ይቀራል። ዒላማሽም ምንጭ ኮዱ ክፍት የሆነና አነስ ያለ የጽሑፍ ላይብረሪ ይሁን፤ እንደ ፍሪታይፕና ሃርፍባዝ ያሉት ታላላቅ የፊደል ቅርጽ ላይብረሪዎች ጎግል በ2016 እ.ኤ.አ. በጀመረው ኦኤስኤስ ፈዝ በተባለ የክፍት ምንጭ ሶፍትዌሮች ፈዚንግ አገልግሎት አማካይነት ያለማቋረጥ ስለሚፈተሹ፣ በአንድ መንፈቅ ከእነርሱ አዲስ ስህተት ለማግኘት መመኘት ራስን ማድከም ይመስለኛል።

መብራት ቢጠፋ አትጨነቂ፤ ፈዘሩ ግኝቶቹን ዲስክ ላይ ስለሚያስቀምጥ ካቆመበት ማስቀጠል ይቻላል፤ አንዴ ከተጫነም ኢንተርኔት አይሻም።

ስህተት ስታገኚ ግብዓቱን እስከሚቻለው ድረስ አሳጥሪው፣ በተደጋጋሚ መድገም መቻልሽን አረጋግጪ፣ ምክንያቱን እስከ ኮድ መስመሩ ተከታተዪ፣ ከዚያም ለላይብረሪው ባለቤቶች በትሕትና ጽፈሽ አሳውቂ። ማስተካከያውን ራስሽ ካቀረብሽ፣ ያ ጽሑፍ ለሥራ ፍለጋሽ ከውጤት ወረቀትሽ ቀጥሎ የሚታይ ማስረጃ ይሆናል። ምንም ስህተት ባይገኝ እንኳ፣ ሚውቴተሩ ምን ያህል አዲስ የኮድ መንገድ እንደሸፈነ ከተለመደው አሠራር ጋር አነጻጽረሽ ማቅረብ ሙሉ ሥራ ነው።

ደሴም ሆነ ኮምቦልቻ «ፈዚንግ ባለሙያ» የሚል የሥራ ማስታወቂያ እንድትጠብቂ አልመክርም። ዕውቀቱ የሚከፍታቸው በሮች የሲ ፕሮግራመርነት፣ የሶፍትዌር ጥራት ፍተሻ፣ የባንኮች የሳይበር ደህንነት ክፍሎችና የኢንፎርሜሽን መረብ ደህንነት አስተዳደር ናቸው። አንድ ነገር አጥብቄ ላሳስብሽ፤ ሙከራሽ በራስሽ ኮምፒዩተር ላይ ብቻ ይሁን። የባንክ መተግበሪያ ወይም የፋብሪካ መቆጣጠሪያ ያለ ባለቤቱ የጽሑፍ ፈቃድ መሞከር አገልግሎትን ሊያቋርጥ፣ በኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008ም ሊያስከስስ ይችላል።

አማካሪሽ «ይህ ለመመረቂያ ይከብዳል» ካሉሽ፣ ፈዚንግ ራሱ ባርተን ሚለር የተባሉ መምህር በ1988 እ.ኤ.አ. በዊስኮንሲን ዩኒቨርሲቲ ለተማሪዎቻቸው ከሰጡት የክፍል ፕሮጀክት የተነሣ መሆኑን ንገሪያቸው፤ ተማሪዎቹ በዘፈቀደ የመነጩ ፊደላት እየመገቡ ከፈተሿቸው የዩኒክስ ፕሮግራሞች ከ25 እስከ 33 በመቶ የሚሆኑትን ጥለዋል። ወደ አማካሪሽ ስትሄጂም ዒላማውን፣ የሚውቴተሩን አሠራርና የመለኪያውን ዓይነት የሚገልጽ ሁለት ገጽ ንድፍ ይዘሽ ሂጂ፤ የመውጫ ፈተናው ዝግጅት ከመጀመሩ በፊት ሃርነሱ እንዲያልቅም የጊዜ ሰሌዳውን ከወዲሁ አብራችሁ ወስኑ።