እህቴን በማስታመሜ በሽታው ይይዘኝ ይሆን?

ጥያቄ፦ የምኖረው በአዲስ አበባ ዳርቻ፣ ለገጣፎ ነው። ታላቅ እህቴ መጀመሪያ የቡና ሲኒ መያዝ አቃታት፤ ቀጥሎ የቤቷን መንገድ መሳት ጀመረች፣ በር ሲዘጋም መላ አካሏ ይበረግግ ነበር። በአምስተኛው ወር አረፈች። ሐኪሙ ክሮይትስፌልት ጃኮብ የሚባል የአንጎል በሽታ መሆኑን ነገረን። ጎረቤት ግን ጥሬ ሥጋ በመውደዷ የመጣ ነው ይላል፤ አንዳንዶቹም ከእኔ ጋር ቡና መጠጣት ትተዋል። ያጎረስኳትም ያጠብኳትም እኔ ነኝ። ይይዘኝ ይሆን?

መልስ፦ እግዚአብሔር ነፍሷን ይማር፤ ለእርስዎም መጽናናትን ይስጥዎ። በማጉረስ፣ በማጠብ ወይም በአንድ ሲኒ በመጠጣት ይህ በሽታ አይተላለፍም።

ይህን አስረግጠን እንድንናገር ከሚያስችሉን ማስረጃዎች አንዱ የተገኘው በፓፑዋ ኒው ጊኒ ደጋማ ምድር ከሚኖሩት ከፎሬ ሕዝቦች ነው። እነርሱ “ኩሩ” ማለትም መንቀጥቀጥ ብለው የሚጠሩት፣ ከእህትዎ ሕመም ጋር ዝምድና ያለው በሽታ በተለይ ሴቶችንና ሕፃናትን ይፈጅ ነበር፤ በሽተኛዋ መጀመሪያ ትንገዳገዳለች፣ በዱላ ትደገፋለች፣ ውሎ አድሮ መቀመጥም ይሳናታል። እ.ኤ.አ. በ1957 አሜሪካዊው ተመራማሪ ካርልተን ጋይዱሴክ ከሐኪሙ ቪንሰንት ዚጋስ ጋር በሽተኞቹን ሲመረምር ትኩሳትም ሆነ ሌላ የተለመደ የተላላፊ በሽታ ምልክት አላገኘም። በ1959 የእንስሳት ሐኪሙ ዊልያም ሃድሎ የሟቾቹ አንጎል እንደ ስፖንጅ መበሳሳቱ ስክራፒ ከተባለው የበጎች በሽታ ጋር እንደሚመሳሰል ጠቆመ። ከዚያም የሟቾች አንጎል ናሙና የተወጉ ቺምፓንዚዎች ከሁለት ዓመት ገደማ በኋላ በዚያው ሕመም ወደቁ፤ ውጤቱ በ1966 ታትሞ ጋይዱሴክን በ1976 ለኖቤል ሽልማት አበቃው። መንስኤው ቅርጹን የሳተ ፕሮቲን ነው ብሎ በ1982 “ፕሪዮን” የሚል ስም ያወጣለት ስታንሊ ፕሩሲነር ነው።

በሽታው በፎሬዎች ዘንድ የተዛመተው የሞተ ዘመድን አካል የመብላት የሐዘን ወግ ስለነበራቸው ነው። ይህን ስንሰማ ልንጸየፋቸው አይገባም፤ ለእነርሱ የፍቅር ስንብት ነበርና። አንጎሉን የሚበሉት በአብዛኛው ሴቶችና ሕፃናት ነበሩ። ወጉ ከቀረ በኋላ የተወለዱ ልጆች ግን የታመሙ እናቶቻቸውን ጡት ጠብተው፣ በጉያቸው አድረው እንኳ በኩሩ አልተያዙም። እርስዎ ለእህትዎ ያደረጉት ከዚያ የሚበልጥ ንክኪ የለውም።

ስለ ጥሬ ሥጋው፦ በብሪታንያ ከከብት ወደ ሰው የተላለፈው የበሽታው ልዩ ዓይነት የመጣው በታመሙ ከብቶች አንጎልና ኅብለ ሰረሰር ከተበከለ ምግብ ነው፤ ፕሪዮንንም ምድጃ አያጠፋውም፤ ስለዚህ ጥሬ መሆኑና መጠበሱ በዚህ ረገድ ልዩነት የለውም። ጥሬ ሥጋ ኮሶ ያመጣል፤ ያ ሌላ ጉዳይ ነው። የእህትዎ ዓይነት ሕመም በዓመት ከሚሊዮን ሰው አንዱን ወይም ሁለቱን የሚይዝ ሲሆን ከመቶው ሰማንያ አምስት ያህሉ ባልታወቀ ምክንያት የሚነሣ ነው።

ከቀሪው አብዛኛው በዘር የሚወረስ ነው። ስለዚህ ከወላጆችዎ፣ ከአጎትና ከአክስቶችዎ መካከል በተመሳሳይ ሕመም ያረፈ ሰው እንዳለ ትልልቆቹን ይጠይቁ፤ ካለ የነርቭ ሐኪም ያማክሩ። ለጎረቤቶችዎም ይህን ገጽ በእድሩ ስብሰባ ላይ ያንብቡላቸው።