ነባር ሹፌሮችንና መካኒኮችን ስለማሠልጠን፦ ከገላን ለቀረበው ጥያቄ

ጤና ይስጥልኝ። ጥያቄዎን ደጋግሜ አነበብኩት። አባትዎ ከሥራ ሲያርፉ ገላን ያለውን የጭነት መኪና ግቢ እንደተረከቡ፣ በነበሩት ዘጠኝ መኪኖች ላይ ኤሌክትሮኒክ ሞተር ያላቸው አራት አዳዲስ መኪኖች እንደተጨመሩ፣ አብዛኞቹ ሹፌሮች ከ45 ዓመት በላይ እንደሆኑ፣ ሁለቱ መካኒኮችም ሙያውን ገራዥ ውስጥ በእጃቸው እንደተማሩ ጽፈዋል። ወንድምዎ ነባሮቹን አሰናብተው ወረቀት ያላቸውን ወጣቶች እንዲቀጥሩ መክረውዎታል፤ እርስዎ ግን አባትዎ ያሳደጓቸውን ሰዎች ለማሰናበት ልብዎ አልፈቀደም። የጠየቁት ነባሮቹ መማር ይችሉ እንደሆነ፣ ከየት እንደሚጀመርና ሠልጥነው ጥለውኝ ቢሄዱስ የሚለውን ነው።

እኔ 19 ዓመት በጂቡቲ መስመር ነድቻለሁ። ያለፉትን ስምንት ዓመታት ደግሞ ቃሊቲና ቱሉ ዲምቱ አካባቢ ባሉ ሁለት ግቢዎች ሹፌሮችን፣ ረዳቶችንና መካኒኮችን ሳሠለጥን ቆይቻለሁ። ይማራሉ። ዕድሜ ሲያግዳቸው ያየሁት እጅግ ጥቂቶቹን ነው። አብዛኞቹን ከሥልጠና የሚያርቃቸው የሥልጠናው ቀን ከራሳቸው ኪስ የሚከፈል መሆኑ ነው።

ይህን የተረዳሁት ተሳስቼ ነው። በመጀመሪያው ዓመት ለሰባት ሹፌሮች የሦስት ቀን ሥልጠና አዘጋጅቼ ነበር። በመጀመሪያው ቀን ሰባቱም መጡ፤ በሁለተኛው ቀን አራት ብቻ ተገኙ፤ በሦስተኛው ቀን ሁለት ሰዎች ፊት ቆሜ አስተማርኩ። ሰዎቹ የመማር ፍላጎት የላቸውም ብዬ ለባለንብረቱ ላስታውቅ ስል፣ መምጣት ካቆሙት አንዱ መኪናው ጥላ ሥር ተቀምጦ አገኘሁትና ለምን እንደቀረ ጠየቅኩት። «ወንድሜ፣ የምታስተምረው ጥሩ ነው፤ ነገር ግን ጂቡቲ ደርሼ ስመለስ የማገኘውን አበል ሦስት ቀን እዚህ ተቀምጬ አላገኘውም፤ የልጆቼ የትምህርት ቤት ክፍያ ደግሞ እስክማር አይጠብቀኝም» አለኝ። እውነቱን ነበር። የሹፌር ደመወዝ ትንሽ ነው፤ ቤቱን የሚያቆምለት የጉዞ አበሉ ነው። በሁለተኛው ዙር ባለንብረቱ ለእያንዳንዱ የሥልጠና ቀን የአንድ ቀን የጉዞ አበል እንዲከፍል አሳመንኩት፤ ከሰባቱ አንድም ሰው አልቀረም። እርስዎም ከምንም ነገር በፊት ይህን ይወስኑ። ወጪው የበዛ ከመሰለዎት፣ አንድ መኪና በአያያዝ ጉድለት ለአንድ ሳምንት ሲቆም ከሚያጡት ገቢ ጋር ያስተያዩት።

ሁለተኛው ጉዳይ ሰዓቱ ነው። ከባድ መኪና በፈለገው ሰዓት ወደ መሐል ከተማ እንደማይገባ እርስዎም ያውቃሉ። ቃሊቲና ቱሉ ዲምቱ ዳር የመግቢያ ሰዓት ሲጠበቅ፣ ሞጆ ደረቅ ወደብ ተራ ሲጠበቅ፣ መጋዘን በር ላይ ጫኝና አውራጅ ሲጠበቅ፣ ሹፌር ከሳምንቱ ውስጥ ብዙ ሰዓት የሚያሳልፈው ቆሞ ነው። እኔ አሁን የማስተምረው በአብዛኛው በዚህ ሰዓት ነው። አርባ ደቂቃ ያህል፣ አንድ ጉዳይ ብቻ፣ በራሱ መኪና ላይ። አዳራሽ ውስጥ በስላይድ ያየውን በማግሥቱ የሚረሳ ሹፌር፣ በሚነዳው መኪና ላይ በእጁ የነካውን ግን በዓመቱም አይረሳውም። ረዳቱም አብሮ ይቀመጥ፤ የነገው ሹፌር እሱ ነው፤ ብዙ ባለንብረቶች ሥልጠና ሲያስቡ ረዳትን ጨርሶ ይዘነጉታል።

የአዲሶቹ መኪኖች ትልቁ ችግር በእኔ ግቢ የታየው በዳሽቦርዱ ላይ ነበር። ሁላችንም ጋሼ የምንላቸው አንድ አንጋፋ ሹፌር ነበሩ። ሞተሩን ቆመው አዳምጠው የትኛው ቺንጊያ እንደላላ የሚናገሩ፣ ፍሪሲዮን ሳያቃጥሉ ተሳቢ ከጭቃ የሚያወጡ ሰው ናቸው። አዲስ መኪና ከተረከቡ በሦስተኛው ሳምንት ጋቢናው ውስጥ ስገባ ዳሽቦርዱ ላይ አንድ ቦታ በነጭ የቁስል ፕላስተር ተሸፍኖ አየሁ። ፕላስተሩን ሳነሣው ከሥሩ ቢጫ መብራት በርቷል፤ ናፍጣው ውስጥ ውኃ ገብቷል የሚለው ምልክት ነበር። እኔም ሌሎች ሹፌሮች ቆመው ሳሉ «ጋሼ፣ ይህ ምን ይላል?» ብዬ ጠየቅኳቸው። ዝም አሉ። በማግሥቱ አልመጡም፤ በሦስተኛው ቀንም አልመጡም። መብራቱ በሌሊት ዐይናቸውን ስለያዘባቸው፣ ከሥሩ በእንግሊዝኛ የሚወጣውን ጽሑፍም ማንበብ ስለማይችሉ ነበር የሸፈኑት። ያን ጥያቄ በሰው ፊት መጠየቄ ትልቅ ጥፋት ነበር፤ ቤታቸው ሄጄ ይቅርታ ጠይቄያለሁ።

ከዚያ በኋላ ደብተርና ባለቀለም እርሳስ ይዤ ጋቢናቸው ውስጥ ለብቻችን ተቀመጥን። ምልክቶቹን አንድ በአንድ ሣልኩላቸው። ቀዩ፦ መኪናውን ደህና ቦታ አቁም። ቢጫው፦ መሄድ ትችላለህ፣ ግን ሳትውል ሳታድር አስመርምር። አረንጓዴውና ሰማያዊው፦ ያበራኸው ነገር እየሠራ ነው። ቀጥለን ከናፍጣ ማጣሪያው ሥር ያለውን መክፈቻ አብረን አላላን፤ በተቆረጠ የፕላስቲክ ጠርሙስ ውስጥ መጀመሪያ ውኃው ወረደ፣ በመጨረሻ ንጹሕ ናፍጣ ሲመጣ ዘጋነው። መብራቱ ጠፋ። ጋሼ ጠርሙሱን ወደ ፀሐይ አንሥተው፣ ከሥር የተኛውን ውኃና ከላይ የተንሳፈፈውን ናፍጣ ለረጅም ጊዜ ሲመለከቱ ትዝ ይለኛል። ከዚያ ወር ጀምሮ ለሌሎቹ ሹፌሮች ይህን ሥራ የሚያሳዩት እሳቸው ሆኑ፤ እኔ ከማስተምረው በላይም ይሰሟቸው ነበር።

ስለዚህ ከሹፌሮችዎ መካከል ማንበብ የሚቸገር እንዳለ ቀድመው፣ በጓዳ፣ በአክብሮት ይወቁ። ይህን ሳያውቁ የሚሰጥ የጽሑፍ መመሪያ መኪናው ኪስ ውስጥ ተጣጥፎ ይቀራል።

በዜሮ ማርሽ ቁልቁለት መውረድም ብዙ ያታገለኝ ልማድ ነው። ነዳጅ በቁርጥ ተሰጥቶት የተረፈው ለራሱ የሚሆንለት ሹፌር፣ ቁልቁለት ሲያገኝ ማርሹን አውጥቶ መኪናውን ይለቀዋል፤ ናፍጣ የቆጠበ ይመስለዋል። ይህን በንግግር ማስተው አልቻልኩም። አንድ ቀን ማለዳ ከሱሉልታ ወደ አዲሱ ገበያ ስንወርድ ግን ሹፌሩን የወቅቱን የነዳጅ ፍጆታ የሚያሳየውን ቁጥር እንዲመለከት ነገርኩት። ማርሽ ውስጥ ሆኖ እግሩን ከነዳጅ መርገጫው ሲያነሣ ቁጥሩ 0.0 ሆነ። ዜሮ ማርሽ ላይ ሲያደርገው ወዲያው ከፍ አለ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ መኪናው ማርሽ ውስጥ ሆኖ ሲወርድ ጎማው ራሱ ሞተሩን ስለሚያዞረው ኮምፒውተሩ ናፍጣውን ይዘጋዋል፤ ዜሮ ማርሽ ላይ ግን ሞተሩ እንዳይጠፋ ናፍጣ መርጨት ግድ ይለዋል። ሹፌሩ ሦስት ጊዜ ደጋግሞ ሞከረው፤ ከዚያ ወዲህ አንድም ቃል መጨመር አላስፈለገኝም። ከነዳጁ በላይ የሚያሳስበኝ ደግሞ ፍሬኑ ነው። በዜሮ ማርሽ የሚወርድ መኪና ክብደቱ በሙሉ የሚያርፈው በፍሬን ሸራው ላይ ነው፤ ሸራው ሲግል መያዝ ያቅተዋል። ከጎሃ ጽዮን ወደ ዓባይ ድልድይ የወረደ ሰው ይህ ምን ማለት እንደሆነ ይገባዋል። በዝቅተኛ ማርሽና በሞተር ፍሬን መውረድን ለአዲስም ለነባርም ሹፌር በተግባር ሳያሳዩ መኪና እንዳያስረክቡ አጥብቄ እለምንዎታለሁ።

መካኒኮቹን በተመለከተ፣ አዲስ ነገር ከማስተማር ይልቅ የቆየ ልማድ ማስተው ይከብዳል፤ አደጋውም ያለው እዚያ ላይ ነው። በቀድሞዎቹ ባለፖምፓ ሞተሮች ላይ አንድ ሲሊንደር ሲደክም፣ መካኒክ ሞተሩ እየሠራ የእያንዳንዱን ኖዝል (ናፍጣ መርጫ) ቱቦ ዳዶ በተራ ያላላል፤ ሲያላላው የሞተሩ ድምፅ ካልተለወጠ የታመመው እሱ ነው። ጥሩ ዘዴ ነበር፤ እኔም በረሃ ውስጥ ተጠቅሜበታለሁ። ናፍጣው በጋራ ቱቦ ውስጥ በከፍተኛ ግፊት ታምቆ በኮምፒውተር ትእዛዝ በሚረጭባቸው በአዲሶቹ ኮመን ሬል ሞተሮች ላይ ግን ይህን ማድረግ እጅን፣ አንዳንዴም ሕይወትን ያሳጣል። በቱቦው ውስጥ ያለው ግፊት 1600 ባርና ከዚያም በላይ ይደርሳል፤ የጭነት መኪና ጎማ 8 ባር ገደማ እንደሚነፋ ካሰብን 200 እጥፍ ማለት ነው። በዚህ ግፊት የሚወጣ ናፍጣ ቆዳን በስቶ ይገባል። ቁስሉ በመርፌ የተወጋ ያህል ስለሚያንስ ሰው ይንቀዋል፤ ሳይውል ሳያድር ቀዶ ሕክምና ካላገኘ ግን እጅ እስከመቆረጥ ያደርሳል። ለመካኒኮችዎ ከሁሉ አስቀድመው ይህን ይንገሯቸው፦ ሞተሩ እየሠራ ቱቦ አይፈታም፤ ከጠፋም በኋላ አምራቹ ያዘዘው ጊዜ እስኪያልፍ ይጠበቃል፤ ፍሳሽ የሚፈለገው በካርቶን ቁራጭ እንጂ በእጅ አይደለም። የደከመውን ሲሊንደር ስካነሩ (የመኪናውን ኮምፒውተር የሚያነበው መሣሪያ) ራሱ ያሳያቸዋል፤ ስካነሩ የሰጠውን ቁጥር ከጆሯቸው ጋር ሲያስተባብሩት ደግሞ ወጣቱ ባለወረቀት የማይደርስበት ቦታ ይደርሳሉ። መኪኖቹን የሸጠልዎት አስመጪ ለሁለቱ መካኒኮች ሥልጠና እንዲሰጥ ይጠይቁ፤ ወደፊት ሲገዙም በውሉ ላይ ያስጽፉት።

በ2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ ከተወሰነ ወዲህ የኤሌክትሪክ መኪና ጉዳይ በየገራዡ ይነሣል። ለጭነት መኪናም ቀኑ መምጣቱ አይቀርም። ለጊዜው መካኒኮችዎ ብርቱካናማ ቀለም ያለው ገመድ ከፍተኛ ቮልቴጅ የተሸከመ መሆኑንና ለዚያ ያልሠለጠነ ሰው እንደማይነካው ቢያውቁ ይበቃል።

ስልክ አጠቃቀምንም እንደ ሥልጠና ይቁጠሩት። ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ ነዳጅ በቴሌብርና በመሳሰሉት መክፈል ግዴታ ሲሆን፣ ብዙ አንጋፋ ሹፌሮች የምሥጢር ቁጥራቸውን ለረዳቶቻቸው ሰጥተዋል። ይህ ሁለቱንም ለጥርጣሬ ያጋልጣል፤ ገንዘብ ሲጎድል ተጣልተው የተለያዩ ሰዎች አውቃለሁ። ግማሽ ቀን ይመድቡና እያንዳንዱ ሹፌር በገዛ እጁ ደጋግሞ ይክፈል።

ጥለው ቢሄዱስ ላሉት፣ አንዳንዶቹ ይሄዳሉ። እኔ በመጨረሻው ዙር ካሠለጠንኳቸው 11 ሰዎች ሦስቱ ሄደዋል። ይሁን እንጂ ስምንቱ የቆዩበትን ምክንያት ጠይቄያቸው ነበር፤ ብዙዎቹ ያነሡት ለሲኦሲ (የሙያ ብቃት ማረጋገጫ) ምዘና እንዲቀርቡ መደረጉን ነው። በገራዥ የተማረ ሰው ልምዱን ይዞ ለብቃት ምዘና መቅረብና የደረጃ ማረጋገጫ ማግኘት ይችላል። አሥራ አምስት ዓመት ሞተር ሲያወርድና ሲሰቅል የኖረ መካኒክ ስሙ የተጻፈበት ማረጋገጫ ሲይዝ ምን እንደሚሰማው አይቻለሁ። አንዱ በላስቲክ አስለብጦ ለእናቱ ወስዶላቸዋል። ይህን ያደረገለትን ግቢ ለጥቂት መቶ ብር ልዩነት አይለቅም። የሰጡትን ሥልጠና በሁለት ዓመት የግዴታ ውል ለማሰር ካሰቡ ግን ይተዉት፤ በግዳጅ የተቀመጠ ሹፌር መኪናውን አይንከባከብም።

ከዚህ ጋር አንድ ነገር ልጨምር። በ2010 ዓ.ም. የአዲስ አበባ–ጂቡቲ ባቡር የንግድ አገልግሎት ከጀመረ ወዲህ፣ ከኮንቴይነሩ ከፊሉ በሐዲድ እንዶዴ ባቡር ጣቢያና ሞጆ ደረቅ ወደብ ይደርሳል። የእርስዎ ግቢ ለእንዶዴ ቅርብ ነው። ከሹፌሮችዎ ጤናቸው የአፋርን ሙቀት የማይችልላቸው ካሉ፣ ከባቡር ጣቢያውና ከደረቅ ወደቡ ወደ መጋዘን የሚደረገውን አጭር ጉዞ ይስጧቸው። ሥራው የተለየ ነው፤ የኮንቴይነር ማሠሪያና የማኅተም ቁጥር ማመሳከር፣ ሰነድ መረካከብ፣ በጠባብ ግቢ ውስጥ በኋላ ማርሽ ተሳቢ ማስገባት ይጠይቃል። ይህም ይማሩታል፤ ግማሹን ቀድሞውኑ ያውቁታል።

ወንድምዎ ያሉት ወጣት የመቅጠር ሐሳብም ጨርሶ የሚጣል አይደለም። ደረቅ ሦስት (የከባድ ጭነት መኪና) መንጃ ፈቃድ ያላቸውን ሁለት ወጣቶች ይቅጠሩና ከነባሮቹ ጋር ያጣምሯቸው። ወጣቱ ስክሪኑን ያንብብ፤ ነባሩ መንገዱን ያንብብ። ለሦስት ወር አብረው ከተጓዙ በኋላ ማን ማንን እንዳስተማረ ለመለየት ይቸገራሉ።

በመጀመሪያው ሳምንት ምንም አያስተምሩ። ከእያንዳንዱ ሹፌር ጋር አንድ አጭር ጉዞ ጋቢና ውስጥ ተቀምጠው ይጓዙ፤ ምን እንደሚያውቅ፣ የትኛውን ቁልፍ እንደማይነካ፣ የትኛው መብራት ሲበራ ፊቱን እንደሚያዞር ይመዝግቡ። የሥልጠናው ዕቅድ ከዚያ ማስታወሻ ይወጣል። ለጋሼ የሣልኳቸውን ምልክቶች የያዙት የደብተር ገጾች አሁንም እኔ ጋ አሉ፤ ነገ ፎቶ አንሥቼ እዚሁ እለጥፍልዎታለሁ።