አልጠቀልል ያለ ራዲኪዮ

ጥያቄ፦ በጓሮዬ ራዲኪዮ የሚባለውን ቀይ ጥቅል ቅጠል ያለው አትክልት ዘርቼ በደንብ በቅሎልኝ ነበር። አሁን ሦስት ወር ሊሞላው ነው፤ ነገር ግን የአብዛኞቹ ቅጠል አረንጓዴና የተበታተነ ሆኖ ቀርቷል። ጥቂቶቹ ረዥም አገዳ አውጥተው ሊያብቡ ደርሰዋል፣ ቅጠሉም እጅግ ይመራል። ውሃም ማዳበሪያም አላጓደልኩበትም። ስህተቴ ምን ላይ ነው?

መልስ፦ የዘረዘሯቸው ችግሮች፣ ማለትም አለመጠቅለሉ፣ ያለጊዜው አገዳ ማውጣቱና ምሬቱ፣ የተለያዩ ቢመስሉም አብዛኛውን ጊዜ አንድ ምክንያት አላቸው፤ ተክሉ ቅጠሉን መጠቅለል በሚጀምርበት ሰሞን ቅዝቃዜ ሳይሆን ሙቀት ገጥሞታል። ማዳበሪያ አለማጓደልዎም ነገሩን ሳያብሰው አልቀረም፤ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

ራዲኪዮ ሲታይ ትንሽ ጥቅል ጎመን ይመስላል እንጂ ከጎመን ጋር ዝምድና የለውም። ቺኮሪ ከሚባለው ተክል የተገኘ ሲሆን የሰላጣ ዘመድ ነው፤ እንደ ሰላጣም ሙቀትን አይወድም። የሚስማማው ከ15 እስከ 20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያለ የአየር ሁኔታ ሲሆን፣ ሙቀቱ ለቀናት ከ25 ዲግሪ በላይ ሲቆይ ቅጠሉ መጠቅለሉን ትቶ ይበተናል፣ ምሬቱም ይጨምራል። ቀይ ቀለሙም ቢሆን በይበልጥ የሚደምቀው ሌሊቱ ሲቀዘቅዝ ነው።

ስለዚህ የመዝሪያ ቀንዎን የሚወስኑት ከመጨረሻው ወደ ኋላ በመቁጠር መሆን አለበት። በአካባቢዎ አየሩ የሚቀዘቅዝበትን ጊዜ ይለዩና ተክሉ በዚያ ጊዜ እንዲጠቀልል አድርገው ወደ ኋላ ይቁጠሩ። ቶሎ የሚደርሱ ዝርያዎች ችግኙ ከተዛወረ በኋላ ከ60 እስከ 70 ቀናት ሲፈጅባቸው፣ ዘግይተው የሚደርሱት ከ100 ቀናት በላይ ይወስዳሉ። በዘሩ ማሸጊያ ላይ የሚጻፈው የቀን ብዛት ብዙ ጊዜ ችግኙ ከተዛወረበት ዕለት ጀምሮ የሚቆጠር መሆኑን አይርሱ፤ በችግኝ መደብ ላይ የሚያሳልፈውን አራት ሳምንት ያህል ሳይጨምሩ የሚያሰሉ ሰዎች ሂሳባቸው በአንድ ወር ይዛነፍባቸዋል። በሌላ በኩል ገና በለጋነቱ ለረዥም ጊዜ ብርድ የመታው ችግኝ፣ ቀጥሎ ረዣዥም ቀናትና ሙቀት ሲያገኝ ክረምቱን ያሳለፈ ስለሚመስለው በቀጥታ ወደ ማበብ ይሄዳል። አገዳ ያወጡብዎት ተክሎች በዚህ መንገድ የተታለሉ ሊሆኑ ይችላሉ።

አሁን ማዳበሪያውን እንመልከት። ናይትሮጅን የበዛበት ራዲኪዮ ሰፋፊ አረንጓዴ ቅጠል እየደረበ ጥቅሉን ያዘገያል፣ ለመበስበስም ይጋለጣል። እኔ የምመክረው ከመትከልዎ በፊት በደንብ የበሰለ ኮምፖስት ከአፈሩ ጋር እንዲያዋህዱ፣ ችግኙ ከተዛወረ ከሦስትና አራት ሳምንት በኋላ አፈሩ ደካማ ከሆነ ብቻ ትንሽ ማዳበሪያ እንዲጨምሩ፣ መሃሉ መጠቅለል ሲጀምር ግን ፈጽሞ እንዲያቆሙ ነው። የውሃው ጉዳይ ከመብዛትና ከማነስ ይልቅ እኩል ከመሆን ጋር የተያያዘ ነው። አንድ ሰሞን ደርቆ በሌላው የሚጥለቀለቅ ተክል ካልሲየም ወደ ውስጠኛው ቅጠል በአግባቡ ስለማይደርስለት የቅጠሉ ጠርዝ ውስጥ ለውስጥ ይቃጠላል፤ ይህም የሚታወቀው ጥቅሉ ሲከፈት ነው። ጠዋት ከሥሩ ማጠጣትና አፈሩን በጉዝጓዝ መሸፈን ለዚህ ይረዳል።

ዘሩ ከግማሽ ሴንቲ ሜትር ብዙም ሳይጠልቅ ይዘራል፤ በተክሎች መካከል ከ20 እስከ 30 ሴንቲ ሜትር፣ በመስመሮች መካከል ደግሞ ከ30 እስከ 45 ሴንቲ ሜትር መተው ያስፈልጋል። ሲሳሳ እየራሩ የሚተዉት ትርፍ ችግኝ ጎረቤቱንም ራሱንም ከመጠቅለል ይከለክላል።

የዝርያ ምርጫም ቀላል ጉዳይ አይደለም። የታወቁት ዝርያዎች ስማቸውን ያገኙት በሰሜን ጣሊያን ቬኔቶ ከሚገኙ ከተሞች ነው፦ ክቡ ከኪዮጃ፣ ረዥሙ ከትሬቪዞ፣ ነጣ ብሎ ቀይ ነጠብጣብ ያለበት ደግሞ ከካስቴልፍራንኮ። የትሬቪዞው ዘግይቶ የሚደርስ ዓይነት ከነሥሩ ተነቅሎ በምንጭ ውሃና በጨለማ ውስጥ እንደገና እንዲያቆጠቁጥ የሚደረግ በመሆኑ፣ ለጓሮ ድካሙ ከጥቅሙ ይበልጣል። ለጀማሪ የሚቀለው ቶሎ የሚደርሰው የኪዮጃ ዓይነት ነው። ያልተዳቀለ ዘር ከሆነ ደግሞ ሁሉም ተክል እኩል አይጠቀልልም፤ ጥቂቶቹ ቢከሽፉ በእርስዎ ጥፋት ነው ማለት አይደለም።

አሁን በመደብዎ ላይ ያሉትን ከመንቀልዎ በፊት የእያንዳንዱን መሃል በእጅዎ ጫን ብለው ይፈትሹ። የውጭው ቅጠል አረንጓዴ መሆኑ ብቻ ተስፋ አያስቆርጥም፣ ውስጡ ቀልቶ ጠንክሮ ሊገኝ ይችላልና። አገዳ ያላወጡትን ልቅ ተክሎች ቅዝቃዜው ሲቃረብ ከመሬት ሁለት ወይም ሦስት ሴንቲ ሜትር ከፍ አድርገው ይቁረጧቸው፤ በተለይ የድሮዎቹ ዝርያዎች ከሥራቸው እንደገና አቆጥቁጠው ትንሽ ቀይ ጥቅል ሊይዙ ይችላሉ። አገዳ ያወጡት ግን አይመለሱም። ሰማያዊ አበባቸውን ንቦች ስለሚወዱት ጥቂቱን ሊተዉ ይችላሉ፤ ዘራቸውን ግን አይሰብስቡ፤ ቶሎ የማበብ ጠባይ ወደ ልጆቻቸው ሊተላለፍ ይችላል።

ክሽክሽና ቀንድ አውጣ በቅጠሎቹ እጥፋት ውስጥ ስለሚደበቁ በየጊዜው ይመልከቱ፤ ሰላጣ ባነሡበት መደብ ላይም ራዲኪዮ አያስከትሉ፣ ሁለቱ በሽታ ይጋራሉ። ሲደርስ ጥቅሉን ከሥሩ በላይ በቢላ ይቁረጡ። ምሬቱ ከበዛብዎ ቅጠሉን ከፍለው ግማሽ ሰዓት ያህል በቀዝቃዛ ውሃ መዘፍዘፍ ያለዝበዋል፤ እሳት ላይ ጥቂት ጠበስ ማድረግም እንዲሁ፣ ምንም እንኳ የሚያምረው ቀይ ቀለም በዚያው ወደ ቡናማ ቢለወጥም።