ኔፓል ውስጥ የሕዝብ ሙዚቃ የት ልስማ?

ጥያቄ፦ ኔፓል ልሄድ ነው። አስጎብኚዎቹ የቅርስ ጉብኝቱ ላይ «ባህላዊ ሙዚቃ ከእራት ጋር» ብለው ጨምረውልኛል። ይበቃል ወይስ ሌላ ልጠይቅ?

መልስ፦ ሌላ ጠይቂ እንጂ! የእራቱ ትርኢት ክፉ አይደለም፣ ማዳል የሚሉትን በሁለት በኩል የሚመታ ከበሮ ታዪበታለሽ፣ ግን ለቱሪስት የተመጠነ ነው። አስጎብኚሽን አመሻሽ ላይ ካትማንዱ አጠገብ ወዳለችው ባክታፑር ከተማ ውሰደኝ በይው። እዚያ ኔዋር የሚባለው የአካባቢው ሕዝብ ወንዶች ቤተ መቅደስ አጠገብ በሁለት ረድፍ ፊት ለፊት ተቀምጠው፣ የመዝሙር መጽሐፋቸውን ዘርግተው፣ ከበሮ እየመቱ ዳፋ የሚባለውን መዝሙር እየተቀባበሉ ይዘምራሉ። የሚዘምሩት ለአምላክ ነው፤ ስለዚህ ዳር ተቀመጪ፣ ፎቶም አስፈቅደሽ አንሺ።

ሳራንጊን ደግሞ እንዳታልፊው። ከአንድ እንጨት ተፈልፍሎ የሚሠራ፣ ሆዱ በቆዳ የተሸፈነ፣ ባለ 4 ክር መሣሪያ ነው። የተጫዋቹን ግራ እጅ ልብ ብለሽ እዪ፣ ክሩን የሚነካው በጥፍሩ ነው! ጋንዳርባ የሚባሉት ተጫዋቾች ሬዲዮ ሳይመጣ በፊት ከመንደር መንደር እየዞሩ ወሬውን በዘፈን ያደርሱ ነበር፤ አዝማሪን ከነማሲንቆው የሚያውቅ ሰው ወዲያው ይገባዋል። ፖካራ ከተማ ከደረስሽ ባቱሌቻውር የሚባለው መንደራቸው እዚያው ቅርብ ነው። ከተጫወቱልሽ በእጅሽ ሸልሚ፣ እንጀራቸው ነውና፤ አስጎብኚ ድርጅቱ ይከፍላቸዋል ብለሽ አትተዪው።