መልስ፦ ሆሜር ለተራ ገጸ ባሕርያት ሞት ግድ የለውም ወይ?

ወንድሜ፣ እንደ ሟቹ ይለያያል። የጥንቱ ግሪክ ባለቅኔ ስለ ንጉሥ ኦዲሲየስ ከትሮይ ጦርነት ወደ አገሩ መመለስ በተረከበት ግጥም፣ በ«ኦዲሲ»፣ ኤልፔኖርን እይ። ከኦዲሲየስ ባልደረቦች በዕድሜ ትንሹ፣ በጦርነትም ብዙ ያልተመሰገነ ልጅ ነው። ጠጥቶ በጠንቋይዋ በኪርኬ ቤት ጣሪያ ላይ ተኛ፤ ጓዶቹ ለጉዞ ሲንጫጩ ደንግጦ ተነሣ፣ በመሰላሉ መውረዱን ረስቶ ወደቀና አንገቱ ተሰበረ። አሟሟቱ ሊያስቅ ይችላል፤ ሆኖም በሙታን አገር ኦዲሲየስን ቀድሞ የሚያገኘው የእሱ ጥላ ነው። አልቅሳችሁ ቅበሩኝ፣ የቀዘፍኩበትን መቅዘፊያ መቃብሬ ላይ ትከሉልኝ ይላል። ተመልሰው ይፈጽሙለታል።

የኦዲሲየስ ቤት ገረዶች ግን ይህ አልደረሳቸውም። በግጥሙ 22ኛ መጽሐፍ ኦዲሲየስ ሚስቱን ለማግባት ቤቱን የወረሩትን ወንዶች ይገድላል፤ ከ50ዎቹ ገረዶች ከእነዚህ ወንዶች ጋር የተኙት 12ቱ በመጀመሪያ ሬሳቸውን እንዲያወጡና ደሙን እንዲያጥቡ ይደረጋል (ይሄ ነው እኔን የሚከብደኝ)፣ ከዚያ ይሰቀላሉ። ኦዲሲየስ በሰይፍ ነበር ያዘዘው፤ ገመዱ የልጁ የቴሌማኩስ ምርጫ ነው፣ ንጹሕ ሞት አይገባቸውም ብሎ። ሆሜር በወጥመድ ከተያዙ ወፎች ጋር አመሳስሏቸው፣ እግራቸው ለጥቂት ጊዜ ተንፈራገጠ ብሎ ያልፋል።

ዘመናዊ ድርሰት ከፈለግህ፣ ካናዳዊቷ ደራሲ ማርጋሬት አትውድ በ2005 እ.ኤ.አ. ያሳተመችው «ፔኔሎፒያድ» ገረዶቹን በኅብረት ያናግራቸዋል። መጀመሪያ ግን 22ኛውን መጽሐፍ ራሱን አንብበው።